ዛሬችዬ ወደ ኦልሆቭካ የዞረች ሰሞን

ማክሰኞ

ጋልያ ዝርዝሩ ውስጥ የለችም። ቢሮ አነበብኩት፤ ወደ ቤት ስመለስ ባቡር ላይ ደግሜ አነበብኩት። የሊፖቭስክ የምርጫ ክልል ዕጩዎች ሁሉም አሉ። የፋብሪካው ዳይሬክተር፣ ጡረታ የወጣ ኮሎኔል፣ ስሙን ሰምቼ የማላውቀው የባንክ ሰው። እሷ ብቻ የለችም።

በኋላ ሳነበው እንዳይምታታብኝ ነገሩን ከሥሩ ልጻፈው። የፊታችን እሁድ ሩሲያ ውስጥ የዱማ፣ የፓርላማቸው፣ ምርጫ አለ። ዋሽንግተን አጠገብ አሌክሳንድሪያ ያለችው ትንሿ ቢሯችን፣ እዚያ አገር ሥራ ላላቸው ነጋዴዎችና ጠበቆች ስለየምርጫ ክልሉ አጫጭር ጽሑፍ እያዘጋጀች ትሸጣለች። ማን ተመረጠ፣ ማን ተሸነፈ፣ ወሰኑ በየጊዜው እንዴት ተቀያየረ። አለቃዬ ቶም ሊፖቭስክን ለእኔ ሰጠኝ። «እዚያ ነው የተማርሽው፤ ካንቺ የተሻለ ማን ያውቀዋል?» አለ። እውነቱን ነው። ጂኦግራፊ የተማርኩት እዚያ ነው። ጋልያ ሕክምና ትማር ነበር፤ የዶርም ጓደኛዬ ናት። ተማሪ ሳለን ከእሷ ሌላ ዘመድ አልነበረኝም።

ስትመረቅ ወደ ትውልድ ቦታዋ ወደ ዛሬችዬ ተመለሰች። ዛሬችዬ ማለት ከወንዝ ማዶ ማለት ነው፤ ከሊፖቭስክ ድልድዩን ተሻግሮ ያለች ትንሽ ከተማ ናት። እዚያ ሐኪም ሆነች። በፈረንጆቹ 1990 ለሩሲያ የሕዝብ ተወካዮች ጉባኤ ተወዳድራ አሸነፈች። ያኔ እኔ አዲስ አበባ ካርታ ሥራ ድርጅት ነበርኩ፤ ደብዳቤዋ ደርሶኛል፤ ደስታዋ ከጽሑፉ ላይ ይታይ ነበር። ከዚያ እነሱም ጋ አገሩ ተለወጠ፣ እኛም ጋ ተለወጠ። እኔ በናይሮቢ አድርጌ እዚህ አሜሪካ መጣሁ። መጀመሪያ የኖርኩበት ሀያትስቪል እያለሁ ሁለት ጊዜ ጻፍኩላት፤ መልስ የለም።

ዛሬ ፋይሉን ሳገላብጥ ነው ቀሪውን የተረዳሁት። በ1993 ጉባኤው ሲበተን እሷም ወንበሯን አጣች። በዚያው ዓመት መጨረሻ ለዱማ ተወዳደረች፤ ከፋብሪካው ዳይሬክተር ቀጥላ ሁለተኛ ወጣች። ሁለተኛ የወጣ ሰው ደግሞ ይሞክራል ብዬ ነበር።

ታማ ይሆን? ሰፈሬ ሲልቨር ስፕሪንግ ስደርስ ጨላልሟል። ምስር ቀቀልኩ፤ ጾም ስለሆነ ብዙ ማሰብ አያስፈልግም። ቴሌቪዥኑን ለድምፁ ብዬ ከፈትኩት።

ረቡዕ

ተገኘች።

ጠዋት አዲሱ የወሰን ዝርዝር በፋክስ መጣ። ሊፖቭስክ የሚለውን መስመር በመስመር አነበብኩ። መሀል ከተማው አለ፣ የፋብሪካው ሰፈር አለ፣ አዲሶቹ ፎቆች አሉ። ዛሬችዬ የለችም። ቀጥዬ የጎረቤቱን ክልል፣ የኦልሆቭካን አየሁ። ኦልሆቭካ የስንዴ አገር ነው፤ ሜዳና የጋራ እርሻ፤ ከወንዙ ይጀምርና ወደ ደቡብ አያልቅም። ከወረዳዎቹ መጨረሻ ላይ ዛሬችዬ ተጽፋለች።

ሞስኮ ያለውን ሰዋችንን የኦልሆቭካን ዕጩዎች ላክልኝ አልኩት። ምሳ ሰዓት ላይ ፋክሱ ጮኸ። «ጋሊና ስቴፓኖቭና፣ ሐኪም፣ ዛሬችዬ።» ጋልያ ናት፤ ከወንበሬ ተነሣሁ። የምነግረው ሰው ግን አልነበረም። ቶም ስልክ ላይ ነው። መታጠቢያ ቤት ገብቼ ፊቴን ታጠብኩና ተመለስኩ።

ከሰዓት በኋላ ታሪኩን ጻፍኩ። በ1989 ለሶቪየቱ ጉባኤ ሲመረጥ ሊፖቭስክ ከነገጠሩ አንድ ሰፊ ክልል ነበር። በ1990 ብዙ ትንንሽ ቦታ ተቆራረጠ፤ ዛሬችዬና የፋብሪካው ሰፈር አንድ ላይ ሆኑ። የፋብሪካው ሴቶች ልጆቻቸውን ይዘው ድልድዩን እየተሻገሩ ጋልያ ዘንድ ይታከሙ ነበር፤ ያሸነፈችው ለዚህ ነው። በ1993 እንደገና ክልሎቹ ሰፉ፤ ያም ሆኖ ዛሬችዬ ከከተማው ጋር ቀረች። ዘንድሮ የከተማው መራጭ በዛ፣ የገጠሩ አነሰ፤ ማመጣጠን አለባቸው። አንድ ነገር ከዚያ ተነሥቶ ወደዚህ መምጣት አለበት። ዛሬችዬ ተነሣች።

ቶም መጥቶ ከኋላዬ ቆመና አነበበ።

«ኦልሆቭካን ለምን ጨመርሽ? ደንበኛው የጠየቀው ሊፖቭስክን ነው።»

«ዛሬችዬ የሄደችው እዚያ ነው። የት እንደሄደች ካልተነገረ ታሪኩ ጎዶሎ ነው።»

«አንድ አንቀጽ» አለ። ከዚያ ጋልያን እንደማውቃት ነገርኩት፤ መደበቅ አልፈለግሁም። ወንበር ስቦ ተቀመጠ። «ድምፅ ከመሰጠቱ በፊት ለዕጩ አትደውይ። ከዚያ በኋላ ያንቺ ጉዳይ ነው።» ክፉ ሰው አይደለም። ልክም ነው።

ግን ስልኳም የለኝ።

ሐሙስ

ወንድሜ ከውድብሪጅ ኮል አደረገኝ። ቅዳሜ ነይ ብሎኝ ነበር፤ ሰርዞታል። ትንሹ ልጁ ጨዋታ አለው፣ ሚስቱ ሥራ ትገባለች። «በገና እንገናኛለን» አለኝ። በየትኛው ገና እንደሆነ አልጠየቅሁትም። ልጁን በስልክ ሰላም አልኩት፤ «ሃይ አንቲ» ብሎ ስልኩን ለአባቱ መለሰ።

አላዘንኩም። ማለት፣ አዝኛለሁ፤ ግን የሚታዘንበት ሰው የለም።

ሥራ፦ የካርታው ረቂቅ ተጀመረ። የአዲሱ ወሰን መስመር የሚሄደው ወንዙን ይዞ ነው። ያን ወንዝ ብዙ ጊዜ ተሻግሬዋለሁ። በረዶ ሆኖ ሲጠጥር በእግር፣ በረዶው ሲቀልጥ በጀልባ፣ ጋልያ ከፊት እኔ ከኋላ። እናቷ በር ላይ ቆመው «አፍሪካዊቷን ብርድ አስመታሻት» እያሉ ይቆጧት ነበር። አሁን ያንኑ ወንዝ በእርሳስ ሳሰምር ሁለት ጊዜ አጥፍቼ ደገምኩት። የሞኝ ነገር። መስመሩን እኔ አልወሰንኩትም።

ዓርብ

ካርታው አለቀ። ከጠዋት ጀምሮ ያስቸገረኝ ወንዙ ሁለት ቦታ የሚከፈልበት ደሴት ነበር፤ ደሴቷ ከየትኛው ክልል እንደሆነች ፋክሱ ላይ አይነበብም። ሞስኮ ደወልኩ፤ ሰዋችን የሚመለከታቸውን ጠይቆ መለሰልኝ። የሊፖቭስክ ናት። ሰው አይኖርባትም፤ በጋ በጋ ሰው ሊዋኝ ይሄድባታል እንጂ። ያም ሆኖ ደስ አለኝ። ቶም አይቶ «ቆንጆ ነው» አለ፤ ከአፉ ቶሎ የሚወጣ ቃል አይደለም።

ኮንግረሱና ፕሬዝዳንቱ በበጀት እንደተጣሉ ናቸው። የመንግሥት መሥሪያ ቤት ነገ ይዘጋል እያሉ ነው። ቶም ስለ ደንበኞቹ ተጨነቀ። የሥራ መውጫ ሰዓት ሲደርስ ሁሉም «ናይስ ዊኬንድ» ተባብሎ ወጣ። እኔ ካፖርቴን ቀስ ብዬ ለበስኩ። የሚጠብቀኝ ነገር፦ ልብስ ማጠብ፣ ሽሮ መግዛት፣ የቡትስ ጫማዬን ዚፕ ማሠራት።

ቅዳሜ

ታች የሕንፃችን ሎንደሪ፣ ልብስ ማጠቢያው ውስጥ፣ አቶ ደምሴን አገኘኋቸው። አራተኛ ፎቅ የሚኖሩ ሽማግሌ ናቸው፤ ልጃቸው አምጥታቸው እሷ ሥራ ትውላለች። አንሶላ ማጠፍ ብቻቸውን አይሆንላቸውም፤ ጫፉን ያዝኩላቸው። ሽሮ ሠርቻለሁ፣ ይምጡና አብረን እንብላ አልኳቸው። እምቢ ይላሉ ብዬ ነበር። ኮታቸውን ለብሰው መጡ።

ስለ ሥራዬ ጠየቁኝ። ስለ ሊፖቭስክ፣ ስለ ኦልሆቭካ፣ አንዲት ከተማ ከወዲያ ወደዚህ ስለ መዞሯ፣ ስለ ጓደኛዬ ስለ ጋልያ ነገርኳቸው። እንጀራውን ቆረሱ።

«እኔም ተወዳድሬ ነበር» አሉ።

«ለምን ቦታ?»

«ለፓርላማ። በንጉሡ ጊዜ። መምህር ነበርኩ፤ ሰው ሁሉ ጋሼ ይለኛል፤ የሚመርጠኝ መስሎኝ። አንድ ባለርስት በለጠኝ።» ፈገግ አሉ። «መሸነፉስ ደህና ነው ልጄ። የከበደኝ ማግስቱ ነው። የሚያሸንፍ ሰው ቤት እንደሚሞላ አውቃለሁ። የተሸነፈ ሰው ቤት ግን ለምን እንደሚሸሽ እስካሁን አልገባኝም። የሞተብኝ ሰው ቢኖር ድንኳን ተክለው አብረውኝ ያድሩ ነበር። ያን ቀን ግን መንገድ ላይ ያገኙኝ ሰዎች ፊታቸውን ያዞሩ ነበር።»

«ማንም አልመጣም?»

«አንዲት ጎረቤት መጣች። ጎመን ይዛ። ስለ ምርጫው አንድም ቃል አልተናገረችም፤ ስለ ላሟ አወራችኝ። ስሟን እስከ ዛሬ በጸሎቴ አነሣለሁ።»

ሲወጡ በሩ ላይ ቆሙና «ጓደኛሽ ካሸነፈች አትድከሚ፤ ሰው ሞልቷታል» አሉ። ሌላውን አልተናገሩም። ገብቶኛል።

እሁድ

ቤተ ክርስቲያን ሄጄ ተመለስኩ። ከሰላምታ በቀር ከማንም ጋር አላወራሁም። እዚያ ድምፅ መስጠቱ እኔ ምሳ ከመብላቴ በፊት አልቋል። አሁን እየቆጠሩ ነው።

ቀኑን ሙሉ አንድ ነገር ነው ያሰብኩት። ተማሪ ሳለን አንድ የምርጫ እሁድ ጋልያ ቀስቅሳ ወሰደችኝ። የምርጫው ቦታ የዶርማችን አዳራሽ ነው። እኔ የውጭ አገር ሰው ነኝ፣ አልመርጥም፤ የሄድኩት ብርቱካን ስለሚሸጥ ነው። ሙዚቃ ነበር፣ ቀይ ጨርቅ ነበር። ወረቀቱ ላይ አንድ ስም ብቻ አለ። ሰው ሁሉ ወረቀቱን ተቀብሎ አጥፎ ሳጥኑ ውስጥ ይጥልና ወደ ብርቱካኑ ይሄዳል። ጥግ ላይ መጋረጃ ያላት ጓዳ ነበረች። ወደዚያ የሚገባ ስሙን ሊሰርዝ ነው ማለት ነው፤ ስለዚህ ማንም አይገባም።

ጋልያ ወረቀቷን ይዛ ቀጥ ብላ ወደ ጓዳዋ ሄደች። ጠረጴዛው ጋ የተቀመጡት ሰዎች ቀና አሉ። እኔ ብርቱካኔን ይዤ ቀረሁ። መጋረጃው ተከፈተ፤ ወጣች፣ ወረቀቷን ሳጥኑ ውስጥ ከተተች፣ እጄን ያዘችና ወጣን።

ደረጃው ላይ «ሰረዝሽው?» አልኳት።

«አልሰረዝኩም። ውስጡ ምን እንዳለ ማየት ፈልጌ ነው።»

«ምን አለ?»

«ወንበር አለ። በክር የታሰረ እርሳስ አለ።» ትንሽ ሄዳ ቆመች። «እርሳሱ ተቀርጾ አያውቅም።»

በሳምንቱ የፋኩልቲው ዲን ጠርቷት ስለማያገባት ነገር እንዳትጓጓ መክሯት ለቀቃት። እሷ ግን ይህ እርሳስ ከአእምሮዋ አልወጣም። ከዓመታት በኋላ መወዳደሯን የሰማሁ ዕለት ያቺ ጓዳ ነበረች ወዲያው የታወሰችኝ።

ራዲዮው ስለ ሞስኮ ያወራል። ስለ ኦልሆቭካ ማን ያወራል።

ሰኞ

ባቡሩ ባዶ ነው። የመንግሥት ሠራተኛው ቤቱ ቀርቷል። ቀዩ መስመር ላይ እኔና አንድ ጋዜጣ የሚያነብ ሰው ብቻ ነበርን፤ መሀል ከተማ ወርዶ ብቻዬን ቀረሁ። ሁለተኛው ባቡር የዚህን ከተማ ወንዝ ሲሻገር ወደ ውጭ አየሁ። ግራጫ ነው። ሰው በጀልባም በእግርም አይሻገረውም።

ውጤቱ ቁርጥራጭ ሆኖ መጣ። መጀመሪያ ዛሬችዬ። ጋልያ ከሁሉም በልጣ አንደኛ። ፋክሱን ይዤ ለቶም ላሳየው ስል ሁለተኛው ገጽ ወጣ። ከዚያ ሦስተኛው። የስንዴው ወረዳዎች አንድ በአንድ ለአንድ የጋራ እርሻ ሊቀመንበር ሰጥተዋል። በአንዳንዱ ወረዳ ከጋልያ ይልቅ «ሁሉንም እቃወማለሁ» የሚለው ሳጥን ብዙ ድምፅ አግኝቷል። ይህን ሳይ ወረቀቱን ገልብጬ አስቀመጥኩት።

ተሸነፈች።

ሊፖቭስክ ላይ ደግሞ ዳይሬክተሩ ወድቋል። የባንኩ ሰው አሸነፈ። በድሮው ወሰን ቢሆን ኖሮ ጋልያ ዳይሬክተሩንም የባንኩንም ሰው ልትበልጥ ትችል ነበር ብዬ ጻፍኩ። ቶም በቀይ ሰረዘው።

«ይሄ ምኞት ነው ማርታ። ማንም ሊያውቀው አይችልም።»

ተከራከርኩ። የፋብሪካው ሴቶች አልኩ፣ ድልድዩ አልኩ። ድምፄ ከፍ ሳይል አልቀረም። ቶም እስክጨርስ ጠበቀና «ሊሆን ይችላል። ግን አናውቅም» አለ። እውነትም አላውቅም። ምናልባት ሁለቱም ጋ ትሸነፍ ነበር። ይህ ነው የከፋው፤ መስመሩን መውቀስ እንኳ አይቻልም።

«አንድ ዓረፍተ ነገር ግን አይሰረዝ» አልኩት። «ዛሬችዬ ለራሷ ሐኪም ድምፅ መስጠቷ።»

«እሱ እውነት ነው። አይሰረዝ» አለ። አልተሰረዘም። ማንም ነጋዴ ልብ ብሎ አያነበውም፤ ግን ተጽፏል።

ከሥራ በፊት ዓለም አቀፍ ኦፕሬተሯን አስቸግሬ የዛሬችዬ ፖሊክሊኒክ ስልክ አግኝቻለሁ። መቼ ደፍሬ እንደምደውል ነው እንጂ። ምን እላታለሁ? ላም የለኝም።

ማክሰኞ

ጠዋት ቢሮ ከመሄዴ በፊት ደወልኩ። እዚያ ከሰዓት በኋላ ነው። ሩሲያኛዬ ዝጓል፤ ምን እንደምል ሻወር ውስጥ ተለማመድኩ።

አንዲት ሴት አነሣችው። ሐኪሟ በሽተኛ እያየች ነው አለችኝ። ከሩቅ ነው የምደውለው፣ እጠብቃለሁ አልኳት። ስልኩን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠችው። ኮሪደሩ ይሰማኛል፤ በር ሲዘጋ፣ ሕፃን ሲያለቅስ፣ አንድ ሰው «ተራዬ ነው» ሲል።

«እየሰማሁ ነው» አለች ሐኪሟ። ድምጿ ወፍሯል።

«ጋልያ፣ ማርፉሻ ነኝ።» ማርታን ማርፋ ይሉታል እነሱ፤ እሷ ደግሞ አቆላምጣ ማርፉሻ ነበር የምትለኝ። ሌላ ማንም በዚህ ስም አይጠራኝም።

«ከየት ነው?»

«ከአሜሪካ። ዋሽንግተን አጠገብ ነው የምኖረው።»

«ሰው ሞተብሽ?»

«አይ። መሸነፍሽን ሰምቼ ነው።»

ሳቀች፤ ሳቁ ሳል ሆነባት፤ ሳሉ እስኪያልፍ ጠበቅኋት። «ከአሜሪካ ተደወለልኝ። ከዛሬችዬ አንድም ሰው አልጠየቀኝም። ዳቦ ቤት ስገባ ወሬ ያቋርጣሉ።»

«እነሱ እኮ መርጠውሻል።»

«አውቃለሁ። ለዚህ ነው የሚያፍሩት። ድምፃቸው አንሶ የጣለኝ መሰላቸው።»

ለምን ሊፖቭስክ እንዳልተወዳደረች ጠየቅኋት፤ እዚያ ያውቋት ነበር።

«ቤቴ ወደ ኦልሆቭካ ሄደ፤ ቤቴን ተከትዬ ሄድኩ። ዛሬችዬን ጥዬ ከወዲያ ማዶ ብወዳደር በየትኛው ፊቴ በሽተኛ አያለሁ? ኦልሆቭካ አዳራሽ ስገባ የከተማዋ ሴትዮ አሉኝ። ከተማ ስሄድ የገጠሯ ሐኪም ነኝ።» ቀጥላ «አንቺስ እዚያ ምን ይሉሻል?» አለችኝ።

«ብዙም አይሉኝም» አልኳት። «ገባኝ» አለች። እንደገባትም አውቃለሁ። ከዚህ በላይ ማስረዳት አላስፈለገኝም፤ ይህን ያህል ዓመት ለማንም ማስረዳት ያቃተኝ ነገር ነው።

አንዱ ደብዳቤዬ ደርሷታል። መልስ ጽፋ ነበር፤ ከሀያትስቪል ወጥቼ ስለነበር ተመልሶባታል። የሞትኩ መስሏት ነበር። እኔም እሷን እንደዚያው አስቤ እንደነበር ነገርኳት፤ ተሳሳቅን። እናቷ አርፈዋል። ባሏ ሌላ ከተማ ነው፤ ስለሱ አልጨመረችም። ብቻዋን ነው የምትኖረው።

ስለ ካርታው አልነገርኳትም ነበር፤ መጨረሻ ላይ ነገርኳት። አዲሱን ወሰን በእጄ እንደሣልኩ። ትቆጣለች ብዬ ነበር።

«ደሴቷን ለማን ሰጠሻት?»

«ለሊፖቭስክ።»

«ክፉ ነሽ» አለች። እየሳቀች ነው ያለችው።

ከዚያ ስልኩ ይንኮሻኮሽ ጀመር። በሽተኞቹ አጉረመረሙ መሰለኝ፤ «መጣሁ፣ መጣሁ» አለቻቸው። «ቁጥርሽን ስጪኝ፤ እሁድ እቤት ሆኜ እኔ እደውላለሁ። እንደ ሰው ቁጭ ብለን እናወራለን።» ቁጥሬን ቀስ ብዬ ነገርኳት። የመጨረሻዎቹን ስል መስመሩ ተቆረጠ።

ደግሜ ደወልኩ፤ ተይዟል። ደግሜ ደወልኩ፤ አይነሣም። ባቡር እንዳያመልጠኝ ወጣሁ።

ሙሉውን ትጻፈው አትጻፈው አላውቅም። ቢሮ ሆኜ ቀኑን ሙሉ ቁጥሮቹን በምን ያህል ፍጥነት እንዳልኳቸው ለማስታወስ ሞከርኩ። ቶም «ደህና ነሽ?» አለኝ፤ ደህና ነኝ አልኩት፤ እውነቴን ነበር።

እሁድ ቅዳሴ እንዳለቀ ወዲያው እመለሳለሁ። ወንድሜ ቢጠራኝም አልሄድም።